ካርዱ እምቢ ሲል ምን እያለን ነው?



የዛሬው ጉዳያችን ለአንዳንዶቻችሁ ቀላል ሊመስላችሁ ይችላል። ስለ ጌም ነው። ከፕሌስቴሽን መደብር ጌም ለመግዛት ካርድ ስናስገባ «ክፍያው አልተሳካም» እያለ ስለሚመልሰን መልእክት ነው። በውስጥ መስመር ደጋግማችሁ «እባካችሁ መላ ካላችሁ ንገሩን» ብላችሁናል። ያለንን እንነግራችኋለን ኢንሻአላህ። መጀመሪያ ግን አንድ ታሪክ ስሙን።

የምናውቀው አንድ የደሴ ልጅ አለ። አሥራ ሰባት ዓመቱ ነው፤ ያገለገለ ፕሌስቴሽን 4 አለው። ታላቅ እህቱ ጅዳ ሰው ቤት ትሠራለች፤ የቤተሰቡን ወጪ የምትሸፍነው እሷ ናት። አንድ ረቡዕ ማታ አዲሱን የኳስ ጌም ልግዛ ብሎ ለመናት። አልጨከነችበትም። የባንክ ካርዷን ፊትና ጀርባ ፎቶ አንስታ በኢሞ ላከችለት። ልጁ ቁጥሩን አስገባ፤ አልሄደም። ደግሞ አስገባ፤ አሁንም እምቢ። አካውንቱን የከፈተለት የጌም ቤት ልጅ አገሩን «አሜሪካ» ብሎ ሞልቶት ስለነበር፣ ከኢንተርኔት ላይ የማያውቀውን ሰው የአሜሪካ አድራሻ ገልብጦ ጻፈ። እምቢ። በዚያች ማታ ብቻ ሰባት ጊዜ ሞከረ። የማረጋገጫ ቁጥሩ የሚገባው እህቱ ስልክ ላይ ነበር፤ እሷ ደግሞ ወጥ ቤት ሥራ ላይ ናት፤ ስልኳ ክፍሏ ውስጥ ቀርቷል።

ባንኩ ያየው ነገር ሌላ ነው። የጅዳ ካርድ፣ የአሜሪካ አድራሻ፣ በአንድ ማታ ሰባት ሙከራ። ካርዱ ተሰርቋል ብሎ ዘጋው። ሐሙስ ማታ እህትየው ለእናቷ የምትልከውን ገንዘብ ልታወጣ ስትሄድ ማሽኑ ከለከላት። ስትደውል «ይህን ግዢ የሞከርሽው አንቺ ነሽ?» አሏት። አልዋሸችም፤ «ወንድሜ ነው» አለች። «እንግዲያው የካርድሽ ቁጥር ሌላ ሰው ጋ ደርሷል፤ ቅርንጫፍ መጥተሽ አዲስ ካርድ አውጪ» ተባለች። ሳዑዲ ውስጥ ዓርብና ቅዳሜ የእረፍት ቀን ነው፤ ቅርንጫፉ ዝግ ነበር። ከዚያም በኋላ ማዳሟ ፈቃድ የሰጠቻት በስምንተኛው ቀን ነው። ደሴ ላይ የእናታቸው የስኳር መድኃኒት በብድር ተገዛ።

ልጁ ሌባ አልነበረም። እህቱም ፈቅዳለታለች። ታዲያ ምን ተበላሸ? ካርዱ እምቢ ባለ ቁጥር ልጁ አንድ ነገር እየቀየረ ደግሞ ሞከረ፤ ለምን እምቢ እንዳለ ግን አንዴም አልጠየቀም። እኛ የምንለው ይህን ነው፦ የተመለሰ ክፍያ ጥያቄ ነው። «ይህ ካርድ የማን ነው? ባለቤቱ ያውቃል? የሞላኸው አድራሻ እውነት ነው?» እያለ ነው። እውነተኛ መልስ ካለን አንዴ ቆም ብለን እንመልስ። ከሌለን ደግሞ መቶ ጊዜ ብንሞክር ትርፉ ጣጣ ብቻ ነው።

እምቢ የሚለው ማን ነው?

ብዙዎቻችን «ፕሌስቴሽን ካርዴን አልቀበልም አለ» እንላለን። አብዛኛውን ጊዜ ግን የሚከለክለው ካርዱን ያወጣው ባንክ ነው። መደብሩ ጥያቄውን ይልካል፤ እንደ ቪዛና ማስተርካርድ ያለው መረብ ያስተላልፈዋል፤ ባንኩ «አዎ» ወይም «አይ» ይላል። ወደ መደብሩ የሚመለሰው መልስ አጭር ነው፤ ምክንያቱን አብራርቶ አይናገርም። ስለዚህ ስክሪኑ ላይ የምናየው «መረጃውን አስተካክለህ ሞክር» የሚል ደረቅ ቃልና በደብሊው ኤስ የሚጀምር የስህተት ቁጥር ብቻ ነው። ልጁ ሰባት ጊዜ የተጨቃጨቀው ከመደብሩ ጋር ነበር፤ መልሱ ግን የነበረው ባንኩ ዘንድ ነው።

እንግዲህ ምክንያቶቹን አንድ በአንድ እንያቸው።

1ኛ፦ የካርዱ አገርና የአካውንቱ አገር አለመግባባት። የካርድ ቁጥር የመጀመሪያዎቹ ስድስት ወይም ስምንት አሃዞች የትኛው ባንክ፣ የት አገር እንዳወጣው ይናገራሉ። እኛ አድራሻ ብንቀያይርም ቁጥሩ አገሩን ተናግሮ ጨርሷል። የአሜሪካ አካውንት ላይ የሳዑዲ ወይም የዱባይ ካርድ ማስገባት ብዙ ጊዜ የማይሄደው ለዚህ ነው። የፕሌስቴሽን አካውንት ደግሞ አንዴ ሲከፈት የተሞላው አገር በኋላ አይቀየርም።

2ኛ፦ የአድራሻ ማመሳከር። በአሜሪካ፣ በእንግሊዝና በካናዳ ካርዶች ላይ የቤት ቁጥሩና የፖስታ ኮዱ ባንኩ ዘንድ ከተመዘገበው ጋር ይተያያል። እዚህ ላይ የካርዱ እውነተኛ ባለቤትም ሊወድቅ ይችላል። ሜሪላንድ የነበረ ወንድማችን ወደ ቨርጂኒያ ቤት ቀይሮ ለባንኩ ሳይነግር ከቆየ፣ አሁን የሚኖርበትን ትክክለኛ አድራሻ ጽፎም ይመለስበታል። ስምም ካርዱ ላይ በተጻፈው መንገድ ይሁን። መሐመድ የሚለውን ስም በላቲን ፊደል ስንት ዓይነት አድርገን እንደምንጽፈው ሁላችንም እናውቃለን።

3ኛ፦ የማረጋገጫ ቁጥር። ባንኩ በኤስኤምኤስ ወይም በመተግበሪያው የሚልከው ቁጥር ለካርዱ ባለቤት የተላከ ነው፤ የሚቆየውም ለጥቂት ደቂቃ ነው። ባለቤቱ ስልኩ አጠገብ ከሌለ ክፍያው ይወድቃል። ይህ የተሠራው ሆን ተብሎ ነው። ባለቤቱ በሌለበት ገንዘቡ እንዳይወጣ ነው።

4ኛ፦ ካርዱ ለኦንላይን ግዢ አለመከፈቱ። ብዙ ባንኮች የኦንላይን ወይም የውጭ አገር ግዢን ዘግተው ካርዱን ይሰጣሉ፤ ባለቤቱ በመተግበሪያው ወይም በስልክ ጠይቆ ማስከፈት አለበት። ቀሪ ሒሳብ አለ ማለት ካርዱ ተከፍቷል ማለት አይደለም።

5ኛ፦ ታክስ። በብዙ የአሜሪካ ግዛቶች ዲጂታል ዕቃ ላይ የሽያጭ ታክስ ይጨመራል። የ60 ዶላር ጊፍት ካርድ ይዞ 59.99 የሚል ጌም ሲገዛ «በቂ ገንዘብ የለም» የሚባል ልጅ የተሸወደ መስሎት ሻጩን ይጣላል። የጎደለው ታክሱ ነው።

6ኛ፦ የመደብሩ የራሱ ችግር። በፌብሩዋሪ 2025 የፕሌስቴሽን መረብ ለአንድ ቀን ያህል ተቋርጦ ነበር። እንዲህ ባለ ቀን የማንም ካርድ አይሠራም። ካርድ ከመነካካት በፊት የአገልግሎቱን የሁኔታ ገጽ ማየት አንድ ደቂቃ አይፈጅም።

7ኛ፦ መደጋገም ራሱ። ሌቦች የሰረቁትን ካርድ የሚሞክሩት ልክ እንደዚያ ልጅ ነው፤ ቶሎ ቶሎ፣ አድራሻ እየቀያየሩ። ስለዚህ ማሽኑ ልጁንና ሌባውን ሊለያቸው አልቻለም። ሁለት ጊዜ ከተመለሰ አቁሙ። ቢያንስ አንድ ቀን ጠብቁ፤ በዚያ መሃል የካርዱ ባለቤት ለባንኩ ይደውል።

«ይህን ያህል ጥብቅነት ለጌም?» የሚል ይኖራል። በ2011 የፕሌስቴሽን መረብ ተሰብሮ የ77 ሚሊዮን ያህል አካውንቶች መረጃ ተሰርቋል፤ አገልግሎቱም ለሳምንታት ተዘግቶ ነበር። እንዲህ ያለ ነገር ያየ ገበያ ቢጠራጠር አይገርምም።

የእኛ አገር ጉዳይ

አሁን ወደ ራሳችን እንምጣ። ኢትዮጵያ የፕሌስቴሽን መረብ በይፋ ከሚያገለግላቸው አገሮች ዝርዝር ውስጥ የለችም። አዲስ አበባም ሆነ ጅማ፣ ሐረርም ሆነ ኮምቦልቻ የተከፈተ አካውንት ሁሉ የሌላ አገር ስም ተሞልቶበታል ማለት ነው። በቴሌብር መክፈል የለም። ኪሳችን ውስጥ ያለው የባንክ ካርድ የቪዛ ምልክት ቢኖረውም፣ የተያያዘው ከብር ሒሳብ ጋር ከሆነ ኤቲኤም ላይና ሱፐርማርኬት ውስጥ ይሠራል እንጂ በአብዛኛው የውጭ መደብር ላይ አይከፍልም። ምክንያቱ የውጭ ምንዛሪ ነው። ባንኩ ለእኛ ጌም ዶላር ማውጣት አለበት፤ ዶላር ደግሞ ለመድኃኒትና ለነዳጅም ወረፋ የሚጠበቅበት ነገር ነው።

ዋጋውንም እንቁጠር። ሐምሌ 22 ቀን 2016 የብር ምንዛሪ በገበያ እንዲወሰን ከመደረጉ በፊት አንድ ዶላር በባንክ 57 ብር ገደማ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ከ100 ብር በላይ ሆኗል። የ70 ዶላር አዲስ ጌም ያኔ 4 ሺህ ብር ገደማ ከነበረ፣ ዶላርን በ100 ብር ብቻ ብናስበው እንኳ 7 ሺህ ብር ነው። ይህ ለስንት ቤተሰብ የወር አስቤዛ እንደሆነ ለእናንተ አንነግርም።

ከውጭ ገንዘብ የሚላክለትና የውጭ ምንዛሪ ሒሳብ ያለው ሰው ባንኩን ሦስት ነገር ይጠይቅ፦ ካርዱ በየትኛው ገንዘብ ነው? ለኦንላይን ግዢ ክፍት ነው? ገደቡ ስንት ነው? ለእነዚህ ሦስት ጥያቄዎች መልስ ሳይኖረን ካርድ ማስገባት በጨለማ ቁልፍ እንደመፈለግ ነው።

«ታዲያ በሩን የዘጉብን እነሱ ናቸው፤ አገር ብንዋሽ ምን አለበት?» የሚል ወንድም አለ። ቁጭቱ እውነት ነው፤ እኛም ይሰማናል። በሜይ 2024 ሄልዳይቨርስ 2 የተባለውን ጌም በኮምፒውተር የሚጫወቱ ሁሉ የፕሌስቴሽን አካውንት እንዲያያይዙ ሲጠየቁ፣ ጌሙ መረቡ በማያገለግላቸው ከ170 በላይ አገሮች ከሽያጭ ወርዷል። ተጫዋቾች በየአገሩ ድምፃቸውን አሰሙ፤ ግዴታው በቀናት ውስጥ ተነሣ፤ የሽያጩ እገዳ ግን አብሮ ወዲያው አልተነሣም። ስለዚህ መጠየቅ ፋይዳ አለው። የእኛም ገበያ እንዲከፈት ድርጅቱን መጠየቅ፣ ባንኮቻችን በትንሽ ገደብ የተወሰነ የኦንላይን ካርድ እንዲያወጡ መወትወት ያስፈልጋል። በውሸት አገር ስለተከፈተ አካውንት ሸሪዓዊ ብይኑን ለዑለሞቻችን እንተዋለን፤ ጠይቋቸው። እኛ የምንናገረው ግልጽ በሆነው ላይ ነው፦ የሰው ካርድ አማና ነው፤ የማናውቀውን ሰው አድራሻ የእኔ ነው ብሎ መሙላት ደግሞ ውሸት ነው። ችግሩ ሲመጣም ተጠያቂው በስሙ ካርድ ያለው ዘመዳችን ነው።

ርካሹ መንገድ ስንት ያስከፍላል?

ካርድ እምቢ ሲል አብዛኛው ልጅ የሚሄደው ወደ ቴሌግራም ነው። «የ50 ዶላር ጊፍት ካርድ በግማሽ ዋጋ»፣ «ሙሉ ጌም ያለበት አካውንት በ800 ብር»። አንድ ነገር አስቡ፦ 50 ዶላር የሆነን ነገር በ25 ዶላር ሸጦ የሚያተርፍ ሰው ዕቃውን ከየት አመጣው? ብዙ ጊዜ የተገዛው በተሰረቀ ካርድ ነው። ዋናው ባለቤት ሒሳቡን አይቶ «ይህን አላውቀውም» ሲል ባንኩ ገንዘቡን ይመልስለታል፤ መደብሩም ዕዳው እስኪከፈል አካውንቱን ያግዳል። ሻጩ ያን ጊዜ ቻናሉን ዘግቶ ሄዷል። ገንዘቡን፣ የሰበሰበውን ጌምና የዓመታት ውጤቱን የሚያጣው ገዢው ነው። የዚያ የማናውቀው ሰው ሐቅ ደግሞ በእጃችን አልፏል።

ይህ በዘመድ ካርድም ይደርሳል። ኑረዲን እንበለው፤ ጀርመን ያለች አክስቱ ካርድ አካውንቱ ላይ ተቀምጦ ቀርቷል። አንድ ቀን ሳይነግራት ሁለተኛ ጌም ገዛ። አክስቱ ደንግጣ ለባንኳ «አላውቀውም» አለች። አልዋሸችም፤ በእርግጥ አታውቀውም። አካውንቱ ታገደ፤ እሷና እናቱም ለወራት አልተደዋወሉም። እንዲህ ያለ ስህተት ከተፈጠረ መጀመሪያ ለዘመድ እውነቱን መናገር ነው፤ ቀጥሎ መደብሩን ራሱን ተመላሽ መጠየቅ ነው። ጌሙን ማውረድ ካልጀመርን በ14 ቀን ውስጥ መጠየቅ ይቻላል። ወደ ባንክ መሮጥ የመጨረሻው እንጂ የመጀመሪያው አይደለም።

አንድ ነገር ደግሞ አለ። ውጭ ያሉ ዘመዶቻችን ካርድ ብዙ ጊዜ ክሬዲት ካርድ ነው። በጊዜው ካልተከፈለ ወለድ ይታሰብበታል። እኛ «አንድ ጌም ብቻ» ስንል፣ እነሱ ኪራይና ለቤተሰብ የሚልኩት ገንዘብ ተደራርቦባቸው ክፍያው ሊያልፍባቸው ይችላል። ለመዝናኛ ብለን ዘመዳችንን ወለድ ውስጥ መክተት ምን ይሉታል?

ንጹሑ መንገድ

ሲዲ፦ ከሁሉም የሚሻለው ለአብዛኞቻችን ይህ ይመስለናል። የፕሌስቴሽን 4 እና 5 የጌም ዲስኮች በአገር የተቆለፉ አይደሉም፤ ከዱባይ የመጣው እዚህ ይሠራል። ያገለገለ ስንገዛ ዋጋው ይቀንሳል፤ ተጫውተን ስንጨርስ መሸጥ ወይም ከጓደኛ ጋር መቀያየር እንችላለን። ከመደብሩ የገዛነውን ዲጂታል ጌም ግን መልሰን መሸጥ አንችልም። ሁለት ነገር ተጠንቀቁ፦ የሚገዛው ኮንሶል ዲስክ ማጫወቻ ያለው ይሁን፤ በዲስኩ ጌም ላይ ተጨማሪ ነገር ከመደብር የምትገዙ ከሆነ ደግሞ የዲስኩና የአካውንቱ ገበያ ካልተስማማ ላይሠራ ይችላል።

ጊፍት ካርድ ከታመነ እጅ፦ ዘመድ ሊረዳን ከፈለገ የካርዱን ፎቶ አይላክልን። ከታወቀ ሱቅ ጊፍት ካርድ ራሱ ይግዛና ኮዱን ይላክልን። የካርዱ ቁጥር እሱው ዘንድ ይቀራል፤ ወጪው ከተባለው በላይ አይሄድም፤ የማረጋገጫ ቁጥርም ራሱ ያያል። ኮዱ ግን ከአካውንቱ አገር ጋር አንድ መሆን አለበት፤ የሳዑዲ ኮድ በአሜሪካ አካውንት ላይ አይገባም። ብድር ከሆነ ደግሞ በጽሑፍ ይሁን፤ በቻት ላይ «ይህን ያህል ተበድሬአለሁ፣ በዚህ ቀን እመልሳለሁ» የሚል አንድ መስመር ይበቃል።

የተቀመጠን ካርድ ማጥፋት፦ ዛሬውኑ አካውንታችሁን ከፍታችሁ የማን ካርድ እንደተቀመጠ እዩ። የእናንተ ካልሆነ አጥፉት። ግዢ በተደረገ ቁጥር ፓስወርድ እንዲጠይቅም አድርጉት፤ ታናናሾቻችን ጆይስቲክ ይዘው ሳያውቁ የሚገዙት ነገር ብዙ ነው።

መጠበቅ፦ ጌም ከዓመት በኋላ ዋጋው ይወርዳል፤ የኳስ ጌም ደግሞ አዲሱ ሲወጣ የአምናው ዲስክ ይረክሳል። ስድስት ወር መታገስ ማንንም አልገደለም።

የደሴው ልጅ አሁን እንዴት ነው? ክረምቱን የስልክ ጥገና ሱቅ ውስጥ ሲላላክ ከረመ። የመድኃኒቱን ብድር የከፈለው በመጀመሪያ ደሞዙ ነው። በሁለተኛው ያገለገለ የኳስ ሲዲ ገዛ። እህቱ ስትደውል «ሲዲው ስንት ሆነ?» ብላ ጠየቀችው፤ ዋጋውን ሲነግራት «ለዚህ ነው እንዴ እኔ ስምንት ቀን የተንከራተትኩት?» ብላ ሳቀች። እሱ ግን አልሳቀም።

እንግዲህ ውድ ወጣቶች፣ ስክሪኑ ላይ ያ ቀይ ጽሑፍ ሲመጣ ጆይስቲኩን አስቀምጡ። ካርዱ የማን ነው? ባለቤቱ ዛሬ፣ ለዚህ ግዢ፣ በዚህ ዋጋ ፈቅዷል? የሞላሁት ሁሉ እውነት ነው? ሦስቱም «አዎ» ከሆኑ ባለቤቱ ለባንኩ ይደውል፤ ብዙ ጊዜ በአንድ ስልክ ይፈታል። አንዱ «አይ» ከሆነ ግን ማሽኑ እምቢ ማለቱ ለእኛም ለዘመዳችንም ይሻላል።

ጅዳ፣ ዱባይ፣ ቤይሩትና ዋሽንግተን ያሉ እህት ወንድሞቻችን ካርድ ላይ ያለው ቁጥር የላባቸው ቁጥር ነው። እንጠብቅላቸው። አላህ ከሰው ሐቅ ይጠብቀን፤ ሪዝቃችንንም ሐላልና በረካ ያለው ያድርግልን። አሚን።

ይህን ጽሑፍ የእህቱ ካርድ ስልኩ ውስጥ ላለ ጓደኛችሁ አድርሱልን።